የጸሎት ርዕስ የሆነው ዓይን

በሶዶ ከተማ ባዳቾን የማያውቅ ካለ፣ ወይ ትናንት ከአውቶቡስ የወረደ ነው፣ ወይ ሞተር በጮኸ ቁጥር ጆሮውን የሚይዝ። ድራግ የሚሉት ውድድር ብዙ ፍልስፍና የለውም፤ ሁለት መኪኖች ጎን ለጎን ይቆማሉ፣ አረንጓዴ መብራት ይበራል፣ ከዚያ ቀጥ ባለ አስፋልት አራት መቶ ሜትር መብረር ነው። መብራቱን ቀድሞ ያየ ቀድሞ ይነሳል። ባዳቾ አንዲት አሮጌ ዲኤክስ መኪና ይዞ ከመብራቱ እኩል የሚነሳ ሰው ነበር። ሐዋሳ ላይ አሸነፈ፣ አርባ ምንጭ ላይ አሸነፈ፤ ዋንጫ ይዞ በገባ ቁጥር የከተማው ባጃጅ ሁሉ ጡሩምባውን እያስጮኸ አጀበው። የቀረው አንድ ነገር ነበር፤ ዕድሜውን ሙሉ የቋመጠለት አገር አቀፍ ውድድር። እሱም ዘንድሮ ደረሰ።

ዘንድሮ ግን ቀኝ ዓይኑ ላይ ጭጋግ የመሰለ ነገር መጣበት። ወደ ዲምቱ በሚወስደው መንገድ ላይ ሲለማመድ አረንጓዴው መብራት በርቶ እሱ ገና ቢጫውን ያያል። ይህን የነገረው ለአንድ ሰው ብቻ ነው፤ ጉኑኖ ትምህርት ቤት አንድ ወንበር ላይ አብሮት ለተማረው፣ የመኪናዋ መካኒክ ለሆነው ለሚልክያስ። ለሚስቱ ለአሳየሽ እንኳ ትንፍሽ አላለም።

“ውድድሩ ይለፍና ሐኪም ቤት እሄዳለሁ። እስከዚያ ባንተና በእኔ መካከል ይቅር” አለው ረቡዕ ዕለት።

“ኢሻ፣ ወንድሜ፣ ከእኔ አፍ ይወጣል ብለህ ነው?” አለ ሚልክያስ። “ይልቅ ዓይንህን አሳርፈው። እስከ ሰኞ ጋራዥ ድርሽ እንዳትል። መኪናዋን ለእኔ ተዋት።”

ባዳቾ በጓደኛው ደግነት ዕንባው መጣ። የዋህ!

እሑድ በቤተክርስቲያን “የጸሎት ርዕስ ያለው?” ሲባል ሚልክያስ እጁን አወጣ። ማይኩን ተቀብሎ ድምፁን አንቀጠቀጠ፤ ያውቅበታል።

“ቅዱሳን፣ ስለ ወንድማችን ስለ ባዳቾ ዓይን በጸሎት አስቡልኝ። ቀኙ አያይለትም። በዚህ ዓይኑ ሊወዳደር ነው። አደጋ ሳይደርስ ጌታ ይድረስለት።”

ባዳቾ ክው አለ። አሳየሽ ዞር ብላ አየችው።

“እኔ ሳላውቅ?” አለች በሹክሹክታ።

ፊት ወንበር ላይ የነበሩት ጋሽ ቦልቴ የቤተክርስቲያኑ ሽማግሌ ናቸው፤ ባዳቾ የሚወዳደርለት የመኪና ክለብም ሊቀመንበር ናቸው፤ ማን እንደሚነዳ የሚወስኑት እሳቸው ናቸው። ከሁሉ ቀድመው መጥተው እጃቸውን ባዳቾ አናት ላይ ጫኑ። ምእመኑም ከበበው። እንግዲህ ፍረዱ! የሰደበህን ትሰድበዋለህ፣ የመታህን ትመታዋለህ፤ የሚጸልይልህን ምን ታደርገዋለህ? ባዳቾ አንገቱን ደፍቶ “አሜን” አለ። ከሁሉም አብልጦ የሚጮኸው ሚልክያስ ነበር።

ጸሎቱ እንዳበቃ ጋሽ ቦልቴ ባዳቾን ወደ አጥሩ ጥግ ወሰዱት።

“ልጄ፣ ጌታ እስኪፈውስህ ድረስ መኪናዋን ሚልክያስ ይንዳ።”

“ጋሼ፣ ይህን አንድ ውድድር ብቻ…”

“የአንተን ደም በእጄ አልቀበልም። ከሰማሁ በኋላማ እንዴት ብዬ?”

እውነታቸውን ነው፤ ባዳቾም ያውቀዋል። አንጀቱን የቆረጠው ግን የነገሩ አወጣጥ ነው። ቤቱ ሲገባ ጭራሽ ለሚልክያስ ጠበቃ ሆኖ ቆመ። “እንዳልሞት ፈርቶ ነው። አዝኖልኝ አፉ አምልጦት ነው” አላት አሳየሽን። እሷ ሳህኑን ከፊቱ አስቀምጣ ወጣች።

ሰኞ ጠዋት ጋራዥ ሄደ፤ ቂም ይዞ አልነበረም። ዲኤክሷ ስትነሳ ወደ ግራ እንደምትጎትት፣ መሪዋ እንዴት እንደሚያዝ ለጓደኛው ሊያሳየው ነው። ሚልክያስ ሞተሩ ላይ አጎንብሷል። ባዳቾ የመኪናዋን በር ከፍቶ ሊገባ ሲል አንድ ነገር ዓይኑን ያዘው።

የውድድር መኪና ወንበር እንደ ሌላው መኪና ወዲያና ወዲህ አይንሸራተትም፤ ለነጂው ቁመት ተለክቶ ይበየዳል። የባዳቾ ወንበር ከቦታው ተነቅሎ ወደ መሪው ተጠግቷል። ለአጭር ሰው። ለሚልክያስ። ብየዳው ላይ የተቀባውን ጥቁር ቀለም በጥፍሩ ፋቀው። ደርቋል፤ አቧራም ለብሷል።

“መቼ ነው የበየድከው?”

ሚልክያስ ቀና ሳይል ብሎን ማጥበቁን ቀጠለ።

“ሚልክያስ፣ መቼ?”

“ሐሙስ” አለ በመጨረሻ።

ሐሙስ። ምስጢሩን ባካፈለው ማግስት፤ ገና ማንም ሳይጸልይለት፣ ጋሽ ቦልቴም ምንም ሳይሰሙ። የእሑዱ ልመና፣ የሚንቀጠቀጠው ድምፅ፣ ያ ሁሉ ጩኸት ወንበሩ ተበይዶ ካለቀ በኋላ የመጣ ነው። ባዳቾ እንዲሁ በደመ ነፍስ መኪናዋ ውስጥ ገብቶ ተቀመጠ፤ ድሮውንም ሲከፋው የሚቀመጠው እዚያ ነበር።

ጉልበቱ ከመሪው ሥር ተቀረቀረ። ሊወጣ ታገለ፣ አልሆነለትም። ሚልክያስ መፍቻውን አስቀምጦ መጣ፤ በብብቱ ይዞ ቀስ አድርጎ ጎትቶ አወጣው።