የኬላ የለሽ አምባ መጨረሻ

ይህ ታሪክ ከዳር እስከ ዳር እውነት ነው። ከዋሸሁ አፌ ይጣመም፣ የምሳፈርበት ባጃጅ ሁሉ መሃል መንገድ ላይ ይቁምብኝ። የማያምን ሞጆ ሄዶ ሾፌሮቹን ይጠይቅ። ሾፌሮቹን ካላመነ ደግሞ እኔ ምን ላድርገው!

እንግዲህ ሃዊ የምትባል ልጅ አለች። ተወልዳ ያደገችው አዳማ ነው፤ ሃያ አራት ዓመቷ ነው። እንጀራዋ በከባድ መኪና ላይ መጻፍ ነው፦ የባለቤቱን ስም፣ የጭነቱን ልክ፣ በጭቃ መከላከያው ላይ ደግሞ ሾፌሩ የወደደውን። «አይዞሽ እናቴ» በይልኝ ላለው «አይዞሽ እናቴ»፣ «ምቀኛ ይቃጠል» በይልኝ ላለው «ምቀኛ ይቃጠል» ትጽፋለች። ከሥራ ስትመለስ ግን ማንጋ ትሠራለች። ማንጋ ማለት ጃፓኖች የሚወዱት፣ ታሪኩ ከጽሑፉ ይልቅ በሥዕሉ የሚሮጥ መጽሐፍ ነው።

የሃዊ ማንጋ ባሕር ስለሌላቸው የባሕር ወንበዴዎች ነው። ባሕሩ ደርቆ ጨውና አቧራ ሆኗል። መርከቦቹ ጎማ አውጥተው፣ ሸራቸውን ወጥረው በነፋስ ይነዳሉ። በደረቁ ባሕር መሃል ዙሪያውን ገደል የሆነ አምባ አለ፤ ስሙ ኬላ የለሽ ነው። ንጉሥ የለበትም፣ ዳኛ የለበትም፣ እስር ቤት የለበትም። ከሰባት መንግሥት ያመለጠ ወንበዴ ሁሉ ዞሮ ዞሮ የሚገባው እዚያ ነው። አለቃ ባይኖራቸውም የሚሰሟት አንዲት ሴት አለች፤ ከአንድ ንጉሥ ጦር ከነመርከቧ የከዳች፣ መቶ አለቃ ገላና የምትባል።

አምስት ምዕራፍ ታትሟል። እንዴት እንደተነበበ ልንገራችሁ? የአዳማ ነፋስ ሦስተኛውን ምዕራፍ ከአንዲት ተማሪ እጅ ነጥቆ መልካሳ ድረስ ወሰደና ማሽላ መሃል ጣለው። እዚያ ዘር የሚያጠና አንድ ሰውዬ አንስቶ አነበበው። ከዚያ ጋዋኑን እንኳ ሳያወልቅ አራተኛውን ፍለጋ አዳማ ገባ።

የቀረው ስድስተኛው፣ የመጨረሻው ነው። የሚያትሙላት ጋሽ ልዑልሰገድ ናቸው። ድሮ የትምህርት ቤት ተቆጣጣሪ ነበሩ፤ አሁን አዳማ፣ ፍራንኮ አካባቢ ትንሽ ማተሚያ ቤት ከፍተው የሠርግ ጥሪና የእድር ደንብ ያትማሉ። የሃዊን ሥራ ከልባቸው ይወዱታል። ስትሳሳት በቀይ እስክሪብቶ እያረሙ፣ ወረቀቱን ከራሳቸው እየጨመሩ እዚህ ያደረሷት እሳቸው ናቸው። ያን ቀን ግን የስድስተኛውን ንድፍ አገላብጠው ጨረሱና መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቀሉ።

«አልተቃጠለም» አሉ።

«ምኑ ጋሼ?»

«አምባው ነዋ! የንጉሡ መርከቦች ከበቡት፣ ከበቡት፣ ከዚያ ተመለሱ። እንዲህ ያለ መጨረሻ የት አገር አለ? አቃጥዪው።»

«ለምን ብዬ?»

«ሕግ የሌለበት ቦታ ነዋ! ሌባው፣ ቀማኛው፣ ከዳተኛው እዚያ ተሰብስቦ እየበላ እየጠጣ ይኑር ብዬ ላትም? ልጄ፣ እኔ ሕግ የጠፋበትን ቀን በዓይኔ አይቻለሁ። ጎረቤት ነው የጎረቤቱን በር የነቀለው። ሰው ያለ ሕግ ሦስት ቀን አይቆይም፣ ይበላላል።»

«የእኔዎቹ አልተበላሉም።»

«ወረቀት ስለሆኑ ነዋ! አንቺ ስለሳልሻቸው!»

ሃዊ ስትናደድ አፍንጫዋ ይነፋል፤ ያኔም ተነፋ።

«እሳቱን ጨምሪና አምጪው፣ በማግስቱ ይወጣል» አሉ ጋሽ ልዑልሰገድ። «ካልሆነ በእኔ ማሽን አያልፍም። ሌላ የሚያትምልሽ ካገኘሽ መንገዱን ጨርቅ ያድርግልሽ።»

እንደማታገኝ ያውቃሉ። ሌሎች ሁለት ጋ ሞክራ ነበር። አንዱ «ወንበዴ» የሚለውን ቃል እንዳየ መለሰላት፤ ሌላው የሕፃን መጫወቻ ነው ብሎ ሳቀ። ሦስት ዓመት የለፋችበት መጽሐፍ ወይ አመድ ሆኖ ያልቃል፣ ወይ ሳያልቅ ይቀራል።

በማግስቱ ጠዋት ሞጆ ነበረች። ከከተማው ወጣ ብሎ ከባድ መኪኖች የጭነት ተራ የሚጠብቁበት ሜዳ አለ። የሄደችው ለራህመቶ ነው፤ መኪናውን አዲስ ባለበሰው ሸራ ላይ ስሙን ልትጽፍለት። ራህመቶ የጅቡቲን መንገድ ሃያ ዓመት የነዳ፣ ሆዱ መሪው ላይ የሚያርፍ ሰው ነው። አምስቱ ምዕራፎች ከመቀመጫው ሥር በፌስታል ተጠቅልለው ተቀምጠዋል።

«እንዴት አደሩ ጋሽ ራህመቶ?»

«አንቱ አትበይኝ፣ ጎማዬ ያረጅብኛል። ስድስተኛው የታል?»

ነገረችው። መጀመሪያ ሳቀ፤ ቀልድ መስሎት ነበር።

«የምርሽን ነው? ይቃጠል አሉ?»

«ይቃጠል አሉ።»

«ስሚ ሃዊ። እኔ ከዚህ ተነስቼ ጅቡቲ እስክደርስ ስንት ቦታ እንደምቆም ታውቂያለሽ? የኬላ ገመድ በተወጠረ ቁጥር ነው የምቆመው። ገመዱን የያዘው ሁሉ ደግሞ የሚጠይቀው አንድ ነው። ከየት ነህ? የማን ነህ? አገርህ ወዴት ነው? አንዱ ጋ ያሳለፈኝ መልስ ሌላው ጋ ከመኪና ያስወርደኛል። ገላና ኬላ የለሽ ለመጣ ሰው ምንድን ነው የምትለው?»

«‹ምን ትችላለህ?›»

«በቃ! ‹ምን ትችላለህ?› ሃያ ዓመት ስነዳ እንደዚያ ብሎ የጠየቀኝ ሰው የለም። ሲደክመኝ መኪናዬን የማቆመው እዚያ አምባ ላይ ነው። በወረቀት ይሁን እንጂ አቁሜያለሁ። እና እኔ ውስጡ እያለሁ ሊያቃጥሉት?»

ሃዊ ብሩሹን እንደያዘች የራህመቶን ሸራ አየች፤ ሰፊ፣ አዲስ፣ ምንም ያልተጻፈበት። ከኋላው የቆመውን መኪና አየች፤ ሸራ። ከእሱም ኋላ ሸራ። ሜዳው ሙሉ ሸራ ነው።

«ስምህን አልጽፍልህም» አለችው።

«ምነው፣ ምን በደልኩ?»

«መጽሐፉ አንተ ላይ ነው የሚጀምረው።»

የስድስተኛውን ምዕራፍ ሠላሳ ገጽ ወደ አሥራ ዘጠኝ ሥዕል ጨመቀችው፤ ለአንድ መኪና አንድ ሥዕል፣ ከሰልፉ ራስ እስከ ጭራ። አራት ቀን ፈጀባት። ቀለም ሲያልቅባት ሾፌሮቹ የተቃጠለ የሞተር ዘይት ከጥላሸት ጋር በጥብጠው አመጡላት። ጭቅጭቁ ግን ከሥዕሉ ይበልጥ አደከማት። ሰንበታ የሚባለው፣ ሲሚንቶ የሚያመላልስ ሾፌር፣ ገና ከሩቁ «አካም ጅርታ ሃዊ» ብሎ ሰላም አላትና፣ «እኔ የንጉሥ ወታደር አልሸከምም፣ ወንበዴ ስጪኝ» ብሎ ግማሽ ቀን ተከራከራት። በመጨረሻ የንጉሡ ትልቁ መርከብ ሲገለበጥ የሚታይበትን ሰጠችው። መኪናውን ሁለት ጊዜ አጠበ።

በአምስተኛው ቀን ጋሽ ልዑልሰገድ ጋ ደወለች። «ስድስተኛው ደርሷል፣ ሞጆ መጥተው ይዩት።» አራት ሰዓት ላይ ከሚኒባስ ወረዱ፤ ቀይ እስክሪብቶ ደረት ኪሳቸው ላይ ተሰክቷል።

«የታል?»

«ያውና።»

ሰልፉን ከዳር እስከ ዳር አዩት። ከራህመቶ መኪና ጀምረው እየተራመዱ ማንበብ ያዙ። አራተኛዋ ላይ ቆሙና እስክሪብቷቸውን መዝዘው፣ በእግር ጣታቸው ጫፍ ተንጠራርተው የጎደለች አራት ነጥብ ጨመሩ።

ሰባተኛዋ ላይ እንዳሉ ከፊታቸው ሞተር ጮኸ። አሥራ አንደኛዋ ሥዕል፣ ገላና የምትቆስልባት፣ ምልኬሳ በሚባል ሾፌር መኪና ላይ ናት። ምልኬሳን ደግሞ ሞጆ የሚያውቀው ተራ በመስበር ነው። በሠርጉ ቀን እንኳ ከሙሽራዋ ቀድሞ ብቻውን ፎቶ ተነስቷል። አሁንም ከሰልፉ ወጥቶ መሪውን ወደ ፊት አዞረ።

የጋሽ ልዑልሰገድ ፊት በራ። «ይኸው!» አሉ። «ያልኩሽ ይኸው ነው! ፖሊስ የለ፣ ተቆጣጣሪ የለ። አሁን ሲቧቀሱ ታያለሽ!»

ምልኬሳ ፊት ከገባ የሃዊ መጽሐፍ ዓይኗ እያየ ሊፈርስ ነው።

የተቧቀሰ ግን የለም። ራህመቶ በመስኮቱ አንገቱን አውጥቶ ጮኸ።

«ምልኬሳ! ገላና የምትቆስለው አንተ ላይ ነው አይደል?»

«አዎ! ምን ይጠበስ?»

«ፊት ከገባህ ጠላት ሳይመጣ ልትቆስል ነዋ!»

«ሰው ምን ይላል?» አለ ሰንበታ ከኋላ። «ሽንኩርት ስትከትፍ ተቆረጠች ይበል?»

«ተዉት ይግባ!» አለ ሌላው። «ታሪክ ያበላሸው ሾፌር ተብሎ እስከ ጅቡቲ ይጠራ!»

ምልኬሳ ሁለት እጁን መሪው ላይ ጥሎ ቆየ። ሜዳው ሁሉ ያየዋል። በኋላ በኦሮምኛ እዚህ የማይጻፍ ነገር ተናገረና ማርሹን ወደ ኋላ አስገባ። ያ ሁሉ ብረት ከነተሳቢው እየተንቀጠቀጠ ወደ ቦታው ተመለሰ። ምልኬሳ ከተወለደ ጀምሮ ወደ ኋላ ሲሄድ ያን ቀን የመጀመሪያው ነው።

ጋሽ ልዑልሰገድ ማንበባቸውን ቀጠሉ። አሥራ ዘጠነኛዋ ላይ አምባው እንደቆመ ነው። የንጉሡ መርከቦች በሩቁ አቧራ ሆነዋል። በሩ ላይ መርከቡ ጥሎት የሄደ አንድ ወታደር፣ ጫማ የሌለው፣ መሬት መሬት ያያል። ገላና የቆሰለ ክንዷን አስራ ፊቱ ቆማ፣ «ምን ትችላለህ?» ትለዋለች።



«ይሄ ተራ መጠበቅ እኮ» አሉ ጋሽ ልዑልሰገድ፣ «ራሱ ሕግ ነው።»

«ማን አወጣው ጋሼ?»

ወደ ምልኬሳ ዞሩ፤ ምልኬሳ ፊቱን አዞረባቸው።

«ቢሆንም አላትመውም» አሉ። «እኔ ያየሁትን አላየሽም።»

«አላየሁም። እርስዎም ይሄን አላዩም ነበር። ደግሞ ያትሙልኝ ብዬ አልጠራሁዎትም።»

«ታዲያ ለምን ጠራሽኝ?»

«አንባቢዬ አይደሉ? አምስቱን ጨርሰው ስድስተኛው ለምን ይቅርብዎት!»

ይህን እያለች የጭነት ተራ ተጠራ። የራህመቶ መኪና ሞተሩን አስነሳ፤ ቀጥሎ ሁለተኛው፣ ሦስተኛው። ጋሽ ልዑልሰገድ ደነገጡ።

«ሊሄዱ ነው እንዴ? ልጄ፣ መጽሐፍሽ እኮ ነው የሚሄደው! አንዱ ጅቡቲ፣ አንዱ ሐዋሳ፣ አንዱ ጎዴ። ፀሐይና ዝናብ ነው የሚበላው! ማን ይገጣጥመዋል?»

«መንገድ ላይ የተገናኘ ይገጣጥመው።»

«አንድ ገጽ እሳት ብቻ እኮ ነው ያልኩሽ። አንድ ገጽ! ሙሉ መጽሐፍ በእጅሽ ይሆን ነበር።»

ሃዊ ሙሉ መጽሐፍ እንደማይኖራት ከእሳቸው ቀድማ ታውቃለች። እጇ ጥላሸት ብቻ ነው፤ ጥፍሯ ውስጥ ሳይቀር ገብቷል።

«ይጥፋ» አለች። «አይቃጠልም።»

ራህመቶ አጠገባቸው ሲደርስ ዝግ አለ። «ሃዊ! ገመዱ ጋ ይሄ ምንድን ነው ቢሉኝ ምን ልበል?»

«አንብቡት በላቸው!»

«የቀረውስ ካሉኝ?»

«ከኋላ እየመጣ ነው በላቸው!»

ጥሩንባውን ለቀቀው። ከኋላው ያሉትም ለቀቁት፤ ሞጆ ውስጥ የቆመ ውሻ ሁሉ ጮኸ። መኪኖቹ አንድ በአንድ፣ ምልኬሳም አሥራ አንደኛ ሆኖ፣ አስፋልቱን ያዙ። ጋሽ ልዑልሰገድ ባርኔጣቸውን አውልቀው ደረታቸው ላይ ያዙ፤ አሥራ ዘጠነኛዋ ከዓይን እስክትርቅ ከቦታቸው ንቅንቅ አላሉም።

እሺ፣ ባርኔጣዋን እኔ ነኝ የጨመርኳት። ሰውዬው ባርኔጣ አድርገው አያውቁም፤ ያን ሁሉ ጊዜ ፀሐዩ ላይ የቆሙት በመላጣቸው ነው።