የመስኩ በር

ፖስተሩ ላይ ያለችው ሴት ኔስታ አይደለችም፤ ያደረገችው ቆብ ግን የኔስታ ነው። ጆሮ የሚሸፍን አረንጓዴ የሱፍ ቆብ፣ ኔስታ በእጇ የሠራችው፣ ፊልም ሠሪዎቹ «ለጥቂት ቀን» ብለው ወስደው በዚያው ያስቀሩት። አሁን በዌልስ፣ በአበርኬሊን ከተማ አዳራሽ ደጃፍ አንዲት አንገተ ረጅም ቆንጆ ደፍታዋለች፤ ከኋላዋ ገደልና ባሕር ይታያል። ከጎኗ አንድ ጢሙን ያሳደገ መልከ መልካም ወንድ ቆሟል። ኢድዋል ነው ተብሏል። ኔስታ አንዴ ፖስተሩን፣ አንዴ አጠገቧ የቆመውን ባሏን አየች። ሌላ ጊዜ ቢሆን በሳቅ ትፈነዳ ነበር፤ ዛሬ ግን አልሳቀችም።

ጠዋት ኢድዋል «ጉልበትሽ ካመመሽ ቅሪ፤ ኋላ በቴሌቪዥን ታይዋለሽ» ብሏት ነበር።

ከተጋቡ ጀምሮ ያ ሰው ቅሪ ብሏት አያውቅም። በውርጭ ሌሊት ላም ስታምጥ ቅሪ አላላትም፤ አጥር ሲያጥሩ አጥንት የሚሰብር ነፋስ ሲነፍስ ቅሪ አላላትም። ዛሬ፣ ስለ ሁለቱ የተሠራውን ፊልም አገር ሁሉ ሊያይ ሲሰበሰብ፣ ቅሪ? ጠርጥር፣ ከገንፎም አይጠፋም ስንጥር ነውና ኔስታ ከዚያች ሰዓት ጀምሮ ዓይኗን ከባሏ ላይ አልነቀለችም። የወለወለውን ጫማ መልሶ ሲወለውል አየችው። ሻዩን ሳይጨርስ ሲደፋ አየችው።

እውነቱን ለመናገር ጥርጣሬው የዛሬ ብቻ አልነበረም። የፊልሙን ድርሰት የጻፈችው ላውሪ የምትባል ወጣት መጀመሪያ የመጣች ሰሞን ሁለቱንም ወጥ ቤት አስቀምጣ ነበር የምትጠይቃቸው። ባልና ሚስት እየተሻሙ፣ «ኧረ ያኔ አይደለም! አንተ ደግሞ ሁሌ እንደተምታታብህ ነው!» እየተባባሉ፣ እየሳቁ ይነግሯት ነበር። ኋላ ግን ልጅቱ ኢድዋልን ለብቻው «መንገዱን ያሳዩኝ» እያለች ትወስደው ጀመር። ሲመለስ ቤት አይገባም። ወደ ዕቃ ማስቀመጫው ጎጆ ሄዶ በመጥረቢያና በአካፋ መሀል ይቀመጣል። «ምን አለችህ?» ስትለው «ስለ ዝናቡ ጠየቀችኝ» ይላል። ዝናብ! ዌልስ ውስጥ ተወልዳ ያደገች ልጅ ስለ ዝናብ የምትጠይቀው ምን አላት?

አዳራሹ ጢም ብሎ ሞልቷል። ገበሬዎቹ የቤተ ክርስቲያን ኮታቸውን ለብሰው፣ ሚስቶቻቸው ከንፈራቸውን ቀብተው መጥተዋል። የረጠበ ሱፍና የሻይ ሽታ ይሸታል። ጎረቤታቸው ኤሊነድ ከኔስታ በስተቀኝ ተቀምጣ ገና ሳይጀመር ጎሸም አደረገቻት።

«አንቺ፣ ያቺ ሴትዮ ዳሌ የላትም እኮ! አንቺን ለመሆን ሦስት ዓመት ቅቤ መብላት አለባት።»

«የሱንስ ፀጉር አላየሽም?» አለች ኔስታ፤ አንገቷን ወደ ኢድዋል መላጣ አዘንብላ። ኢድዋል ፈገግ ለማለት ሞከረ፤ አልሆነለትም።

መብራቱ ጠፋ።

ፊልሙ የጀመረው በላሞቹ ነው። በሽታው ተገኘባቸው የተባለ ቀን፣ የጭነት መኪናው ግቢ ገብቶ፣ ላሞቹ እንዲታረዱ አንድ በአንድ ሲጫኑ። በዚያ አገር ይህን ያላየ ወይም ያልፈራ ሰው የለም። ቀጥሎ ባለርስቱ የኪራይ ውሉን አላድስም ሲል፣ የኢድዋል አያት ያለቡበት የእርሻቸው የብሪንግላስ በረት ባዶውን ሲቀር። ቀጥሎ ድንኳኑ፣ ሁለቱ ከረጢቶች፣ የባሕሩን ዳር ይዞ የሚሄደው ቀጭን መንገድ። ማደሪያ አልነበራቸውም። እህቷ ቤት በጥገኝነት ከመቀመጥ መሄድ ይሻላል ብለው፣ በፀደይ ተነሥተው ብርዱ እስኪገባ ከሰሜን ወደ ደቡብ በእግራቸው የተጓዙት ለዚህ ነው። ጋዜጣ ጻፈላቸው፤ ጋዜጣውን አይቶ ፊልሙ መጣ።

ከዚያ ሁሉ ጥፋት ኔስታ ያተረፈችው አንድ ነገር ብቻ ነው። ላሞቹ ሄዱ፣ ቤቱ ሄደ፣ የእናቷ የሸክላ ሳህኖች ሳይቀሩ በጨረታ ተሸጡ። «ኢድዋል ግን ከጎኔ ፈቀቅ አላለም፤ በዚያ ሁሉ ገደልና ጭቃ አንድ ቀን ብቻዬን አላስቀረኝም።» ይህን ለሰው አታወራም፤ ማታ ስትተኛ ግን ለራሷ ትለዋለች፤ ብላውም ትተኛለች።

ሸራው ላይ ዝናቡ ጠንቶ፣ ባልና ሚስቱ ድንኳን ውስጥ ተፋጠው ተቀምጠዋል። ሴትዮዋ ድንገት ቀና ብላ፣

«አባትህ ቢኖር መሬቱን አያስነጥቅም ነበር» አለችው።

ይህን ቃል ኔስታ ታውቀዋለች። ብላዋለች። ቃል በቃል ብላዋለች፤ ከነሱ ከሁለቱ በቀር ማንም በሌለበት፣ ከዝናቡ ጩኸት በላይ። በማግስቱ ምላሷን ልትነክሰው ደርሳ ነበር፤ ግን ይቅርታም አልጠየቀች፣ እሱም አላነሳው። ላውሪ ከየት አመጣችው? ከሱ ነዋ! የጓዳቸውን ነገር አውጥቶ አደባባይ አሰጣው። ኤሊነድ በጎን ስታያት ታወቃት፤ ፊቷ በጨለማ ውስጥ ነደደ።

ቀጥሎ ንጋት ሆነ። ሰውየው ካፖርቱን ደረበ፣ የተኛችውን ሚስቱን ቆሞ አያት፣ ከድንኳኑ ወጣ። መስኩን አቋረጠ። የመስኩን በር የብረት መቀርቀሪያ ከፍቶ ወጥቶ ሄደ። በሩ ከኋላው ወለል እንዳለ ቀረ፤ ነፋሱ ወዲያና ወዲህ ያወዛውዘው ጀመር።

«ኧረ በሩን! በሩን ዝጋ እንጂ አንተ ሰውዬ!» ብሎ ጮኸ ከኋላ ወንበር በግ አርቢው ጌቲን።

አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። እዚያ ከተቀመጠው ሕዝብ በልጅነቱ የመስክ በር ሳይዘጋ መጥቶ ኩርኩም ያልቀመሰ የለም። ዘግተህ እለፍ የሚለው ትእዛዝ በዚያ አገር ከአባታችን ሆይ ቀድሞ ነው የሚጠናው። ገበሬ ሰክሮ እንኳ በር ይዘጋል፤ ራሱ ቢረሳ እጁ አይረሳም።

«የከተማ ሰው የሠራው መሆኑ በዚህ ይታወቃል» አለች ኤሊነድ እንባዋን እየጠረገች። ኔስታም ሳቋ መጣ፤ አብረው ሊስቁ ወደ ኢድዋል ዞረች።

ኢድዋል አልሳቀም። ሸራውንም አያይም። ጉልበቱን እያየ ነበር።

ሸራው ላይ አውቶቡስ መጣ፤ በሩ ተከፈተ፤ ሙዚቃው ከፍ አለ፤ ሰውየው ድንገት ዞሮ በገደሉ አፋፍ እየሮጠ ተመለሰና ድንኳኑ ውስጥ ሚስቱን አቀፋት። ሰዉ መሀረቡን አወጣ። ኔስታ ግን ይህን ሁሉ በቅጡ አላየችውም፤ ወደዚያ ጠዋት ሄዳለች።

ከጠቡ ማግስት ነው። ስትነቃ ኢድዋል አልነበረም። ያነቃት ባለአራት ጎማ ሞተር ላይ የተቀመጠ ገበሬ ጩኸት ነው፤ «በሬን ከፍታችሁ በጎቼ ገደል ሊገቡ ነው! እናንተ መንገደኞች ማፈሪያዎች!» እያለ። በካልሲ ብቻ ወጥታ፣ ጭቃውን እየረገጠች፣ በጎቹን ከገደሉ አፋፍ እየመለሰች አስገብታ በሩን ዘጋችው። ከዚያ ወገቧን ይዛ ሰውየው ፊት ቆመች። «ባሌ በሕይወቱ በር ከፍቶ ሄዶ አያውቅም። ገበሬ ነው፣ የገበሬ ልጅ ነው። እግዜርን አስመሰክራለሁ!» አለችው። ሰውየው አፍሮ ሄደ። ቆይቶ ኢድዋል በላስቲክ የታሸገ ዳቦ ይዞ ከመንደሩ በኩል መጣ። ነገረችው። «ሌላ መንገደኛ ይሆናል» አለ፤ ዳቦውንም ቆርሰው በሉ።

ያንን ጠዋት ለላውሪ አልነገረችም። ረስታው ነበር፤ የማይረባ ነገር ነው። ታዲያ በሩ ፊልሙ ውስጥ እንዴት ገባ? በሩን ከፍቶ የሄደ ካልሆነ ማን ይነግራታል? የሚመለስ ሰው፣ ዳቦ ሊገዛ የወጣ ሰው፣ ዘግቶ ይሄዳል። ክፍቱን የሚተወው ልቡ ቀድሞት የወጣ ነው። ትቷት ሄዶ ነበር። እሷ ደግሞ በካልሲዋ ጭቃ ላይ ቆማ እግዜርን ስታስመሰክር ነበር!

መብራቱ በራ፤ ጭብጨባው ቀለጠ። የአዳራሹ ኃላፊ ሁለቱን መድረክ ላይ አውጥቶ «ይህ ሁሉ እውነት ነው?» አለ።

ኢድዋል ጉሮሮውን ጠረገ። «መንገዱ እውነት ነው። ዝናቡም እውነት ነው።» ሳቅ ሆነ።

«በሩስ?» አለ ጌቲን።

ኢድዋል ሚስቱን ሳያይ፣ «እሱን እንግዲህ ፊልም ሠሪዎቹን ጠይቁ» አለ። አሁንም ተሳቀ። ኔስታ ልትናገር አፏን ከፈተች። ሕዝቡ ሁሉ ፊቱን አብርቶ ያያታል፤ ኤሊነድ ከታች እጇን ታውለበልባለች። መልሳ ዘጋችው።

ሻይ ሲቀዳ ላውሪን ጥግ ይዛ ጠየቀቻት። ልጅቱ ኩባያዋን በሁለት እጇ ይዛ ቀላች።

«ወይዘሮ ኔስታ፣ እኔማ በሩን ከድርሰቱ አውጥቼው ነበር። ገበሬው ይስቅብናል አልኩ። ባለቤትዎ ናቸው እንቢ ያሉት። በሩ ከወጣ እኔም እወጣለሁ አሉ።» ጥቂት አመነታች። «እርስዎ የሚያውቁ መስሎኝ ነበር።»

«አውቃለሁ» አለች ኔስታ። ሐሰት አልነበረም፤ አሁን ታውቃለች።

የተከራዩዋት ትንሽ ቤት ከከተማው በላይ፣ ከጌቲን መስክ ባሻገር ናት። ፀሐይ ልትጠልቅ ስትል ዳገቱን ተያያዙት። ኢድዋል እንደ ልማዱ በባሕሩ በኩል፣ እሷ በውስጥ በኩል። ለምን በባሕሩ በኩል እንደሚሄድ ጠይቃው አታውቅም፤ ከገደሉ ሊከልላት ይመስላት ነበር። ዛሬ ይህም አጠራጠራት። የመስኩ በር ጋ ሲደርሱ ኢድዋል ከፈተላትና ቆመ። አላለፈችም።

«ለምን ተመለስክ?»

ምኑን ብሎ አልጠየቃትም። ባሕሩን አየ፤ ጫማውን አየ።

«በሩን ልዘጋ።»

«ምን?»

«አውቶቡሱ ቆመ። እግሬን አነሳሁ። ያኔ ነው በሩ ትዝ ያለኝ። የሰው በግ ገደል ሊገባ ነው አልኩ። ዘግቼ በሚቀጥለው እሄዳለሁ ብዬ ነው የተመለስኩት። ዳቦውን የገዛሁት ብታገኚኝ የምልሽ እንዳላጣ ነው።»

የፊልሙ ሰው ለሚስቱ ነው የሮጠው። የሷ ባል ለማያውቀው ሰው በግ!

«ለበር!» አለች ኔስታ። «ለበር ተመለስክ! ብትዋሸኝ ምን ነበረበት? ከዋሸህ ላይቀር እስከመጨረሻው አትዋሸኝም ነበር?»

«እስከ ዛሬ ዋሽቼሽ የለ?» አለ ቀስ ብሎ። «በአፌ ልነግርሽ ስንቴ ተነሣሁ። አቃተኝ። ጠዋትም ፈራሁ።»

ነፋሱ ከባሕሩ ተነሥቶ የሁለቱንም ካፖርት አራገበ። ከመስኩ ማዶ የጌቲን በጎች ቀና ብለው አዩዋቸው፤ መልሰው ሣራቸውን ጋጡ። እንዲህ በጥያቄ ተይዞ ሳለ እንኳ የኢድዋል እጅ በሩን እንዳይወዛወዝ ደግፎ ይዞታል።

«እና ዘጋኸው?» አለች ኔስታ።

«ተዘግቶ ነበር።»

ኔስታ አንድ እርምጃ ቀረበችው፤ እሱ ቀጠለ።

«አንቺ ዘግተሽዋል። ሰንሰለቱን እንደ ብሪንግላሱ ሁለቴ ጠምጥመሽ፣ ጫፉን ወደ ውስጥ ሸጉጠሽ። እንደዚያ የሚያስር ሌላ ሰው አላውቅም። እዚያው ቆሜ አየሁት። የምሠራው ሥራ አልነበረኝም። በጎቹም ገብተዋል። መንገዱም ከኋላዬ ነው፤ አውቶቡሱም ይመጣል።» በእጁ የያዘውን በር አየ። «ከዚያ ፈትቼው ገባሁ።»

«ይህን ለላውሪ ነግረሃታል?»

«አልነገርኳትም።»

ፊቱን አየችው። እየመሸ ነው፤ የፊቱ ቅርጽና መላጣው እንጂ ዓይኑ አይታይም። ያ ሰው የሚዋሽ ጊዜ ጆሮውን እንደሚያክ ታውቃለች፤ አሁን ግን እጁ በሩን ይዟል። ያ በር ሰንሰለት ነበረው? በፊልሙ የብረት መቀርቀሪያ ነው፤ ግን የፊልሙ ሌላ በር ነው። ጭቃውን ታስታውሳለች። የካልሲዋን መርጠብ፣ የገበሬውን ቀይ አንገት፣ የሞተሩን ጩኸት ታስታውሳለች። እጇ ላይ የነበረውን ግን፣ ሰንሰለት ይሁን መቀርቀሪያ፣ ብታስብ ብታስብ አልመጣላት አለ።

አልፋ ወደ ውስጥ ገባች። ኢድዋል ተከትሏት ገብቶ በሩን ሊዘጋ ሲል፣

«ተወው፤ እኔ እዘጋዋለሁ» አለችው።

ጥቂት ራመድ ብሎ ጀርባውን ሰጥቶ ቆመ። የጌቲን በር ሰንሰለት አለው፤ ዝገቱ እጅ ያቆሽሻል። ኔስታ ጓንቷን አወለቀች። ዓይኗን ጨፍና ሰንሰለቱን አንድ ዙር አዞረችው፤ እጇ ያስታውስ እንደሆን ትንሽ ጠበቀች፤ ቀጥላ ሁለተኛውን ጀመረች።