ሦስተኛው አምድ

«ዴልፊን፣ መጥረጊያውን ጣል! አመልካች መጥረጊያ ይዞ አይታይም!»

ማዳም ሎርና፣ የመርከብ ሠራተኞች ቀጣሪ ወኪል ድርጅት ሥራ አስኪያጅ፣ ከቢሮዋ እየተንደረደረች ወጣች። ከመንግሥት የተላከው የሥራ ሁኔታ ተቆጣጣሪ አሳንሰር ውስጥ መግባቱን የታቹ ጥበቃ በስልክ ነግሯታል። ዴልፊን መጥረጊያውን መጸዳጃ ቤት ወርውሮ እጁን በሱሪው ጠረገ።

«ደግሜ ልንገርህ» አለችው፣ የሸሚዙን ኮሌታ እያቃናችለት። «የመጣኸው ዛሬ ጠዋት ነው። እዚህ ማንንም አታውቅም። እኔንም ጭምር።»

«ካፒቴንንስ?»

«የአለቃችንን ፎቶ ግድግዳው ላይ አይተሃል፣ በቃ።»

«መኪናውንስ? ትናንት ሰም ቀብቼዋለሁ እኮ፣ ማዳም።»

«አትቀልድ! ሐሙስ በሚነሳው መርከብ ላይ ስምህ አለ። የጻፍኩት ግን በእርሳስ ነው። ላጲስ ደግሞ አላጣም።»

ማኒላ ውስጥ ወደ ባሕር የሚወስደው መንገድ በወኪሎች ወጥ ቤት በኩል ያልፋል። የመርከበኛ ትምህርትህን ጨርሰህ፣ ሰርተፍኬትህን በቡናማ ፖስታ ታቅፈህ ትመጣለህ። «እስኪ ለጊዜው ዩቲሊቲ ሁን» ይሉሃል። ዩቲሊቲ ቡና ያፈላል፣ ፎቶ ኮፒ ያነሳል፣ የአለቃውን ልጆች ከትምህርት ቤት ያመጣል። ደሞዝ የለውም። የሚከፈለው በተስፋ ነው፤ እሱም በሰዓቱ ገብቶ አያውቅም።

ዴልፊን ማለት ዶልፊን ነው። የኢሎኢሎ ዓሣ አጥማጅ የነበረው አባቱ ባሕሩን አስቦ ያወጣለት ስም። ባለፉት አሥራ አራት ወራት ዶልፊኑን የነካው ውሃ ግን የካፒቴኑን መኪናና የካፒቴኑን ውሻ ያጠበበት ብቻ ነው። ውሻው አድሚራል ይባላል። በዚያ ቢሮ ውስጥ ካፒቴኑን በማዕረግ የሚበልጠው እሱ ብቻ ነው።

አገር ቤት ጎረቤቶቹ ሚስቱን ጆሴሊንን «የመርከበኛው ሚስት» ማለት ከጀመሩ ቆይተዋል። «ከውጭ የላከልሽ ቸኮሌትስ?» እያሉ ያሽሟጥጧታል። ትናንት በስልክ «የሐሙሱ ቁርጥ ነው?» ስትለው «ቁርጥ ነው» ብሏታል። ስለ እርሳሱ የሰማው ገና አሁን ነው።

አግዳሚው ላይ፣ እንደ እሱ ዩቲሊቲ ከሆነው ከቦዬት አጠገብ ተቀመጠ። ቦዬት አርባ ሊሞላው ነው፤ ሁሉም ኩያ፣ ታላቅ ወንድም፣ ይሉታል።

«ስንተኛ ጊዜህ ነው አመልካች ስትሆን፣ ኩያ?»

«ሦስተኛዬ። ባለፈው እንዲያውም ‹መርከብ ላይ ወጥቼ አላውቅም› ብዬ ለተቆጣጣሪው ማልኩለት።»

«ዋሸህ?»

«የቱን ዋሸሁ? ከተናገርኩት ሁሉ እውነቱ እሱ ብቻ ነበር።»

ተቆጣጣሪው በላብ ተጠምቆ ገባ። በእጁ የያዘው ቅጽ ሁለት አምድ ብቻ ነበረው፦ «ሠራተኛ» እና «አመልካች»።

«እነዚህስ?»

«አመልካቾች ናቸው። ዛሬ የመጡ» አለች ማዳም ሎርና፣ ፈገግታዋን ለጥጣ።

«መቼ መጣህ?»

«ዛሬ ጠዋት፣ ጌታዬ» አለ ዴልፊን።

ይህን ጊዜ የካፒቴኑ ቢሮ በር ተገፋና አድሚራል ወጣ። ማዳምን አልፎ፣ ተቆጣጣሪውን አልፎ፣ ዴልፊን ጭን ላይ ወጥቶ አገጩን ላሰው። ከዚያ ወርዶ ተመለሰና ማሰሪያውን በአፉ ይዞ መጣ፤ እግሩ ሥር አስቀመጠለት። የሽርሽር ሰዓቱ ደርሶ ነበር።

ተቆጣጣሪው ማሰሪያውን ተመለከተ።

«ውይ፣ ይኼ ውሻ! ሰው ሲወድ!» ሳቀች ማዳም።

ተቆጣጣሪው እጁን ሊዘረጋ ሲል አድሚራል ጥርሱን አሳየው።

«እኔን አልወደደኝም» አለ፣ እጁን እየሰበሰበ። ወደ ዴልፊን ዞረ። «ስማ ወንድሜ፣ እኔ የነገርከኝን ነው የምጽፈው። ሠራተኛ ነህ ወይስ አመልካች?»

ማዳም ሎርና ከጠረጴዛዋ ላይ ላጲሱን አንስታ በጣቶቿ መካከል ታገላብጠው ጀመር። ዴልፊን አያት። ስንት ሰው በሞላበት ክፍል ስለ እሱ እውነቱን የመሰከረው ውሻ ብቻ ነው።

«ሠራተኛ ደሞዝ አለው፤ እኔ የለኝም» አለ። «አመልካች ደግሞ የውሻ ቆሻሻ አይጠርግም። እኔ ዩቲሊቲ ነኝ። አሥራ አራት ወር።»

«ዴልፊን!» አለች ማዳም።

«አያውቁኝም እኮ፣ ማዳም። ስሜን ከየት አመጡት?»

ቦዬት ሳቁን በሳል ሸፈነው። ተቆጣጣሪው ቅጹን ገለባብጦ ተመለከተ።

«እንዲህ የሚል አምድ የለም።»

«አውቃለሁ። እስክሪብቶውን ይስጡኝ።»

ሰውዬው ምን ሊያደርግ ነው በሚል ዓይነት ሰጠው። ዴልፊን ከ«አመልካች» ቀጥሎ ወረቀቱን ቁልቁል በመስመር ከፈለው። ከላይ «ዩቲሊቲ»፣ ከሥሩም ስሙን ከነአባቱ ጻፈ። መስመሩ ትንሽ ተንጋደደበት፤ ቀለሙ ግን ደማቅ ነበር።

እስክሪብቶውን ለተቆጣጣሪው አልመለሰም። ወደ ኩያ ቦዬት ዘረጋው።