ማዕድ ላይ አይወራም

ኦተር ፎልስ የጥድ ከተማ ነበረች ይላሉ። እኔ የደረስኩት ጉቶው ላይ ነው። ደኑን አያቶቻችን ጨረሱት፤ ወንዙም ግንድ መሸከም ካቆመ ዓመታት አለፉ። ከዚያ ሁሉ የእንጨት መሰንጠቂያ ዛሬ የምትጮኸው አንዷ ብቻ ናት፤ እሷም የክብሪት እንጨት ትሠራለች። ያ ሁሉ ጫካ ተቆርጦ ተቆርጦ ክብሪት ላይ ደረሰ።

ማደሪያ ቤቱ ግን አለ። ወንዝ ዳር፣ እንደ ደከመው በቅሎ ወደ አንድ ጎኑ አዘንብሎ። ድሮ ግንድ በወንዝ የሚነዱ ወንዶች ተፋፍገው ያድሩበት ነበር። አሁን የቀሩት ሦስት ሽማግሌዎች ናቸው፤ አልጎት ስዊድናዊው፣ ኡርሆ እንደኔው የፊንላንድ ዘር፣ ከኩቤክ የመጣው ዜፊሪን። እኔ ሌምፒ፣ ወጥ ሰሪያቸው ነኝ። ዕድሜያቸው ከአያቴ ቢበልጥም «አንተ» ነው የምላቸው። አንቱ ያልኳቸው ቀን «ታመምን እንዴ?» ብለው ይደነግጣሉ።

በኅዳር መጀመሪያ ማዘጋጃ ቤቱ ማደሪያውን አፍርሶ መኪና ማቆሚያ ሊያደርገው ተነሳ። ሽማግሌዎቹ ወደ መጦሪያ ይሄዳሉ ተባለ። የት መጦሪያ? ባዶ አልጋ በተገኘበት። አንዱ እዚህ፣ አንዱ እዚያ፣ አንዱ ደግሞ ስሙን በማናውቀው ከተማ። ከወጣትነታቸው ጀምሮ አብረው የኖሩ ሰዎች ናቸው፤ አንዱ ሲያስለው ሌላው ጉሮሮውን የሚጠርግ።

የምክር ቤቱ ሰዎች ሁለት ለሁለት ተከፈሉ። ገና ያልወሰኑት አምስተኛዋ ወይዘሮ ሃልዶርሰን ነበሩ፤ ቆፍጣና ሴት፣ ባርኔጣቸው ራሱ የሚቆጣ።

«ራት ይምጡ» አልኳቸው መንገድ ላይ አስቁሜ። «ሰዎቹን ሳያዩ አይፍረዱ። ሲያወሩ ይስሟቸው።»

«ሐሙስ ስብሰባ አለን» አሉ።

«ረቡዕ ይምጡ እንግዲህ። ምላስዎ ጣዕም ካወቀ የፖም ፓይ እጋግራለሁ።»

ሳቁ። አንድ ነጥብ አስቆጠርኩ ብዬ ወደ ቤቴ ሄድኩ።

ተስፋዬ ዜፊሪን ነበር። ያ ሰው አፉ አይገጠምም። ጠዋት ጫማውን እያሰረ ስንት ሰው ያሰምጣል፣ ስንት ድብ ይገድላል። ኡርሆ ዝምተኛ ነው፤ አልጎት ደግሞ ሲሻው ይናገራል፣ ሳይሻው ቀኑን ሙሉ መስኮት ያያል። ግድ የለም፣ ዜፊሪን ለሦስቱም ይበቃል አልኩ።

ረቡዕ ወይዘሮ ሃልዶርሰን መጡ። ሽማግሌዎቹ ተላጭተው፣ ሸሚዛቸውን እስከ አንገት ቆልፈው ተቀመጡ። የአተር ሾርባ፣ ድንች፣ የአሳማ ሥጋ፣ ትኩስ ዳቦ አቀረብኩ።

«ሚስተር ዜፊሪን» አሉ እንግዳዋ ፈገግ ብለው፣ «በወንዙ ላይ ብዙ ጉድ አይተዋል አሉ።»

ዜፊሪን ከሳህኑ ቀና አላለም። ጣቱን አነሳ።

«ቅቤ» አለ።

አልጎት ቅቤውን ገፋለት። አበቃ።

ወይዘሮዋ ወደ ኡርሆ ዞሩ፤ ኡርሆ ያኝካል። ወደ አልጎት ዞሩ፤ አልጎት በዳቦ ሳህኑን ይጠርጋል። የማንኪያ ድምፅ ብቻ። ያኔ ነው ነገሩ የገባኝ። የጫካው ካምፕ ሕግ ነው፦ ማዕድ ላይ አይወራም። ወሬ ጠብ ያመጣል፣ ጠብ ምግብ ያቀዘቅዛል፤ የሚያስፈልግህን ጥራ፣ ብላ፣ ተነስ። ያወራ ሰው በወጥ ሰሪው ትእዛዝ ሳህኑን ይዞ ይውጣ። ካምፑ ከፈረሰ ስንት ዘመን ሆነው፤ እነሱ ግን ዛሬም እንደዚያው ናቸው። ስድስት ዓመት ሙሉ እያበላኋቸው፣ የራሴን ትንፋሽ እንደማልሰማው ሁሉ ዝምታቸውንም ሰምቼው አላውቅም ነበር።

«ዜፊሪን» አልኩ ጥርሴን ነክሼ፣ «ስለ ድቡ ንገራቸው።»

ዓይኑን አፈጠጠብኝ፤ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ያፏጨሁ ያህል።

ፓይ አመጣሁ። ወይዘሮ ሃልዶርሰን ሰዓታቸውን አዩ፤ የቤተ ክርስቲያን ሴቶች ይጠብቋቸዋል። «ምስኪኖች፣ ደክሟቸዋል» አሉኝ ዝቅ ባለ ድምፅ። «ለእንዲህ ላሉ ሰዎች እኮ መጦሪያው ጥሩ ነው። ጸጥታ አለው።»

ጭልፋውን ጠረጴዛው ላይ መታሁት። «አውሩ! እዚህ ቤት ወጥ ሰሪዋ እኔ ነኝ፤ አውሩ ብያለሁ!»

ዜፊሪን ጣቱን ከንፈሩ ላይ አደረገ። «እሽሽ! ራስሽ ሕግ ታፈርሻለሽ?»

«ሕግህን ብላው! ነገ ጣሪያህን ሊያፈርሱልህ ነው!»

ዜፊሪን ወደ ፓዩ ተመለሰ። ወይዘሮዋ ጓንታቸውን ፈለጉ። እውነት ለመናገር እኔም ደከመኝ። ይሂዱ፣ ይፍረስ፣ መኪናም ይቁምበት አልኩ በልቤ።

ያኔ ኡርሆ ተነሳ። ኡርሆ! ፓዩን በግማሹ ትቶ፣ ጉልበቱን ይዞ እያቃሰተ ምድጃው አጠገብ ወዳለው አግዳሚ ሄዶ ተቀመጠ።

«ከማዕድ ተነስቻለሁ» አለ። «አሁን አወራለሁ። አልጎት፣ አንተ ብላ። ስለ ያልማር ነው።»

ያልማር የአልጎት ታናሽ ወንድም ነበር። መስመጡን እንጂ ሌላ ነገር ሰምቼ አላውቅም።

«ግንዱ የወንዙ መታጠፊያ ላይ ተጠላለፈ» አለ ኡርሆ። «ያልማር ሊፈታው ገባ። ተፈታለት። ውሃው እንኳ አልወሰደውም፤ ግንዱ እንደ ክዳን ከላዩ ገጠመ። ማታ ለራት ተቀመጥን። አንተ በዚያ፣ እኔ በዚህ፣ መሃላችን ባዶ። ‹ጎበዝ ልጅ ነበር› ልልህ አፌን ከፈትኩ። ወጥ ሰሪው አየኝ። ‹ድንች› አልኩ። ድንቹን ሰጠኸኝ።»

ምድጃው ውስጥ አንድ ፍም ተሰነጠቀ።

«ከራት በኋላ እንቅልፍ ነበር። ጠዋት ግንድ ነበር። እንዲሁ ሳልልህ ቀረሁ።»

አልጎት ማንኪያውን አስቀመጠ። ቀስ ብሎ ተነስቶ ኡርሆ አጠገብ ተቀመጠ።

«ጎበዝ አልነበረም» አለ። «ሰነፍ ነበር። ጠዋት ጠዋት በእግሬ ነበር የምቀሰቅሰው። ግን ይዘፍን ነበር።»

ዜፊሪን ከዚህ በላይ አልቻለም። ሳህኑን ገፍቶ ብድግ አለ። «ይዘፍን ነበር ትላለህ? ያ በሬ? ግንዱ የተፈታው እኮ ድምፁን ሽሽት ነው!»

አልጎት ሳቀ። ሲስቅ እንባው ፈሰሰ፤ አልጠረገውም።

ወይዘሮ ሃልዶርሰን ወንበራቸውን ወደ አግዳሚው አዞሩ። «የት ነው የተቀበረው?»

«እዚያው መታጠፊያው ላይ» አለ አልጎት። «ጫማውን ዛፍ ላይ ሰቀልንለት፤ የግንድ ነጂ ሐውልቱ ጫማው ነው። በኋላ ዛፉን ቆረጡት። አሁን ነዳጅ ማደያ ነው።»

«እኔ የምቀዳበት» አሉ ሴትዮዋ፤ ለማንም አይደለም ያሉት።

የቤተ ክርስቲያን ሴቶች ሳያገኟቸው ቀሩ። ካቦው ክፉ እንደነበር፣ ዋናው መንገድ የተሠራው በመጋዝ ብናኝ ላይ እንደሆነና ዝናብ ሲበዛ ዛሬም እንደ ስፖንጅ እንደሚሰረጉድ፣ ዜፊሪን አንድ ጊዜ ድብ እንዳባረረው፣ ኡርሆ እንደሚለው ደግሞ ድቡ ላም እንደነበረ፣ ወይዘሮዋ ሁሉንም ሰሙ።

በር ላይ እጄን ያዙኝ። «ልጄ፣ አልዋሽሽም። ቤቱ አርጅቷል። ለዘላለም ይቁም ብዬ እጄን አላወጣም።»

«ለዘላለም ማን ጠየቀዎት? ብቻ እንዳይለያዩ።»

«ሦስት አልጋ አንድ ቦታ ማግኘት ጊዜ ይፈልጋል» አሉ። ባርኔጣቸውን አስተካክለው ሄዱ።

ሐሙስ ከሰዓት ውሳኔው ወጣ። ሦስት ለሁለት፤ በረዶው እስኪቀልጥ አይፈርስም፤ እስከዚያ ማዘጋጃ ቤቱ ሦስቱን አንድ ላይ የሚቀበል መጦሪያ ይፈልጋል። ድል ነው ብዬ አልጮህኩም። ሽማግሌዎቹ አግዳሚው ላይ ተደርድረው ስነግራቸው ፊታቸው አልተለወጠም።

«እስከ ሚያዝያ ማለት ነው?» አለ አልጎት።

«እስከ ሚያዝያ።»

«ሚያዝያ እንኳን ለእኔ ሩቅ ነው» አለ ዜፊሪን። «እኔ ቀድሜ ከፈረስኩ እነዚህን ሁለቱን አታለያዩአቸው።»

«አንተ አትፈርስም፤ ወሬህ ደግፎህ ይይዝሃል» አልኩት።

ኡርሆ የምድጃውን በር ከፍቶ አየና ዘጋው። «ታዲያ እስከ ሚያዝያ የሚበቃ እንጨት አለን?»

አልነበረንም። ካፖርቴን ደረብኩና መጋዝና መጥረቢያ ፍለጋ ወጣሁ።