ሳህን እስኪነሳ

እናትየው ከጠዋት ጀምራ ወገቤን ሳትል ዋለች። የሟች ባሏን ጠረጴዛ ወልውላ ነጩን ጨርቅ አለበሰችው፤ ሹካና ቢላውን ደረደረች፤ ብርጭቆዎቹን ብርሃን ላይ እያነሳች አየቻቸው። ሦስቱ ልጆቿ ለእራት ይመጣሉ። ትልቁ በስልክ፣ ከእራት በኋላ ስለ ቤቱ እንነጋገራለን ብሏታል። ምን እንደሚነጋገሩ አልጠፋትም፤ ገዢ የተባለው ሰውዬ ግቢውን ሲለካ በመስኮት አይታዋለች። ከዚህ ቤት መውጣት ደግሞ ለእሷ ሞት ነው።

አንድ ተስፋ ብቻ ነበራት። አባትየው በሕይወት ሳለ፣ ሳህን ሳይነሳ ቁም ነገር ያወራ ልጅ ጉዱ ይፈላ ነበር። ልጆቹም ፀጉራቸው ሸብቶ እንኳ ያቺን ሕግ አልጣሷትም። እንግዲህ ሳህኑ እንዳይነሳ ማድረግ ነው።

ሾርባውን ደገመቻቸው። ሩዙ ቀረበ፤ ዶሮው ተከተለ። ሳህናቸው ጎደል ባለ ቁጥር በሞቴ፣ ይቺን ብቻ እያለች ትሞላዋለች። ከልጅነቱ ጀምሮ ጎተራው የሚሉት፣ ጠገብኩ ብሎ የማያውቀው መካከለኛው ልጅ እንኳ ቀበቶውን አላላ። ትልቁ ሰዓቱን አየት እያደረገ ለደንቡ ያህል ይጎርሳል። እጅሽ ይባረክ አሏት፤ ምርቃቱ አልሞቃትም።

ፍራፍሬው ሲያልቅ ጓዳ ገብታ በባዶ ድስቶች መሃል ቆመች። አንዱን ክዳን ከፈተች፣ መልሳ ከደነች። የትናንት ዳቦ አገኘችና እሱኑ ቆራርጣ ይዛ ወጣች። እንዲህ ያለ ነገር ለእንግዳ አቅርባ አታውቅም፤ አፈረች።

የመጨረሻዋ ልጇ፣ ከሁሉም የምታዝንላት፣ የእናቷን ድካም ስታይ አንጀቷ ተንሰፈሰፈ። ብድግ ብላ ዳቦውን ተቀበለቻትና ትከሻዋን ይዛ ወንበር ላይ አስቀመጠቻት።

"እማዬ፣ በቃሽ። ቀኑን ሙሉ ቆመሽ ዋልሽ እኮ። ዛሬስ እኔ አነሳዋለሁ።"

በልጅነቷ ሳህን አንሺ ስትባል አስር ጊዜ ካልተጠራች የማትሰማ ነበረች። አሁን ማንም ሳያዛት አንዱን ሳህን ባንዱ ላይ መደራረብ ጀመረች። እናትየው ተዪው ልትላት አፏን ከፈተች፤ ግን ምን ብላ ታስረዳት? የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል ነው ነገሩ።

ልጅቱ የመጨረሻውን ሳህን ይዛ ጓዳ ስትገባ፣ ትልቁ ወንበሩን ወደ እናቱ አስጠጋ።

"እንግዲህ፣ እማዬ" አለ።