የበንቲ ልጅ ይሁንልን

ልጆቼ፣ ቀረብ በሉ፤ ድምፄ እንደ ድሮው አይደለም። ከሀና ማርያም ወደ ፉሪ ሲወርዱ ያለችው ምንጭ ልትታጠር የነበረችበትን ጊዜ ላውጋችሁ።

ዘመኑ የደርግ ነው። ከላያችን አንድ የእርሻ ኮሌጅ ተከፍቶ፣ ምንጯን አጥሮ ለሙከራ እርሻው ሊያደርጋት ፈለገ። የኛ ከብቶች ደግሞ ሌላ ውሃ የላቸውም። ነገሩን የሚቆርጠው የኮሌጁ የበላይ ጉባኤ ነው። በጉባኤው ከገበሬ ማኅበራችን አንድ ሰው እንዲቀመጥ ተፈቀደልን። እኛ ሰው ካጣን ካድሬው ጓድ ሙሴ የራሱን ሰው ያስቀምጣል፤ ያ ሰው ደግሞ "ትታጠር" ሊል ከወዲሁ ተስማምቷል።

ዋርካው ሥር ተሰበሰብን። ከመካከላችን ተናግሮ የሚያሳምነው ሮበሌ ነበር። እኛ ሞኞቹ፣ ሰው ስናከብር በአባቱ ነውና የምንጠራው፣ "የበንቲ ልጅ! የበንቲ ልጅ ይሁንልን!" ብለን ጮኽን።

ጓድ ሙሴ ቀና አለ። "የትኛው በንቲ? ባለ ጭሰኛው?"

እውነቱን ነው። የሮበሌ አባት ኦቦ በንቲ ድሮ መሬት ነበራቸው፤ ጭሰኛም ነበራቸው።

"ሕጉ ግልጽ ነው። የቀድሞ ባለመሬትም ሆነ ልጁ በኮሌጅ ጉባኤ አይቀመጥም።"

ትሩፋት የምትባል ጎረቤታችን የረዳች መስሏት፣ "ኧረ ጓድ፣ የጉዲፈቻ ነው እኮ! አልወለዱትም!" አለችና ወዲያው አፏን ያዘች። አያችሁ፣ ጉዲፈቻ በኛ ዘንድ መውለድ ነው። ሽማግሌ ፊት "ልጄ ነህ" ከተባለ በኋላ "አልወለደህም" ማለት ነውር ነው፤ ሰው አጣልቶ ያጋድላል።

ጓድ ሙሴ ግን ፈገግ አለ። "አልወለዱትም? እንግዲያው ምናቸው ነው? እረኛቸው? እረኛ ከሆነማ የተበዘበዘ ነው፣ አንደኛ ዕጩ ነው! ሐሙስ እዚሁ እረኛ መሆኑን በሕዝብ ፊት ይናገር።"

ሮበሌ ከአባቱ ጋር ወደሚኖርበት ቤት ገብቶ መደቡ ላይ ተቀመጠ። ኦቦ በንቲ ዓይናቸው ደክሞ ነበር፤ ጆሯቸው ግን ሁሉን ሰምቷል።

"እረኛዬ ነበር እላለሁ" አሉ።

"አባባ፣ ይሄማ አይሆንም።"

"ለነገሩ እረኛ ብትሆን ኖሮ አባርርህ ነበር። ጥጆቹን ለቀህ ወተቱን ሁሉ ያስጠባህበትን ዕለት ረሳኸው?"

ሮበሌ አልሳቀም። "ሰው ይቀየር። እኔ ይቅርብኝ።"

ሚስቱ ገዲሴ ከበሩ ላይ፣ "አንተ ከቀረህ የሱ ሰው ነው የሚገባው። ከብቶቹን ምን ልናጠጣቸው ነው፣ እንባችንን?" አለች።

እናንተስ ብትሆኑ ምን ትመልሱ ነበር?

ሐሙስ ሮበሌ ሊናገር ሲነሳ ኦቦ በንቲ በትራቸውን ተደግፈው ቀደሙት።

"ልጄ አይደለም። እረኛዬ ነበር። ጉልበቱን በላሁት፣ አንድ ሳንቲም አልከፈልኩትም።"

ሮበሌ "አባ..." አለና ቃሉን ሳይጨርስ ገዲሴ ነጠላዋን አፏ ላይ ጭና ምንጯ ወዳለችበት ስታይ አያት። ዋጠው።

ጓድ ሙሴ ግራ እጁን ጨብጦ እያነሳ፣ "በዝባዥ ይውደም!" አለ።

"ይውደም!" አልን። ምን እንሁን? ዓይናችን ሁሉ ሮበሌ ላይ ነው። እጁን ቢያነሳ አባቱን፣ ባያነሳ ምንጯን ሊያጣ ነው። እጁ ቀስ ብሎ፣ ድንጋይ እንደያዘ ሰው፣ ወጣ። ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ እንጂ ድምፅ አልነበረውም። ኦቦ በንቲ ዓይናቸው ባያይም ፊታቸውን ወደሱ አዙረው ቆሙ።

በጉባኤው ምን ብሎ እንደተናገረ አላውቅም። ምንጯ ሳትታጠር ቀረች፤ ኮሌጁ ውሃውን ከሩቅ ወንዝ በሞተር ሳበ። ከብት ሲጠጣ አይተን እልል አልን።

ጓድ ሙሴ ግን ሮበሌን ጠራው። "የተበዘበዘና በዝባዥ አንድ ጣራ ሥር አያድሩም። 'አባባ' ስትል ከተሰማህ ወንበሩ ይነሳል፤ የምንጯም ነገር እንደ አዲስ ይታያል።"

ሮበሌ ከአባቱ ቤት ወጥቶ ከምንጯ ማዶ ጎጆ ቀለሰ። ገዲሴ የሽማግሌውን ምግብ በጎረቤት እጅ ትልካለች። ወንበሩን እንዳይለቅ ምንጯ አለች፤ እንዳይመለስም ምንጯ አለች።

አመሻሽ ላይ ከብቶቹ ሲወርዱ ኦቦ በንቲ በበትራቸው እየዳበሱ ይመጡና ድንጋይ ላይ ይቀመጣሉ። ሮበሌ ቅሉን ከእጃቸው ተቀብሎ ይቀዳላቸዋል። ሰው ሁሉ ያያል፤ ውሃ መስጠትን የከለከለ የለም። ጠጥተው ሲጨርሱ ሁሉም እንዲሰማ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው፣

"እግዜር ይስጥህ፣ የሰው ልጅ" ይላሉ።

"አሜን ጌታዬ" ይላል ሮበሌ፣ ቅሉን የያዘውን እጃቸውን ቶሎ ሳይለቅ።