የቀዛፊዎቹ ጽዋ

በኅዳር ሚካኤል ዕለት አቶ ወሰኔ ከቅዳሴ እንደተመለሱ የብር ዋንጫውን ከሣጥን አውጥተው ወለወሉትና በነጠላቸው ጫፍ ሸፈኑት። ዛሬ ለመጨረሻ ጊዜ ጠላ ይቀዳበታል፤ ከዚያም ለቤተ ክርስቲያን ይሰጣል፣ ማኅበሩም ይዘጋል። ይህን የቆረጡት ባለፈው ወር ከማኅበርተኛቸው ከአንዷለም ቀብር ሲመለሱ ነበር። ከሰባቱ ማኅበርተኞች አምስቱ ዐርፈዋል። የቀሩት እርሳቸውና ራቤል ከተማ የሚኖሩት ዓምደ ሚካኤል ብቻ ናቸው። አቶ ወሰኔ የተጀመረ ነገር በወጉ መፈጸም አለበት ብለው የሚያምኑ ሰው ስለሆኑ፣ ማኅበሩ ሰው አጥቶ ሲበተን ከሚያዩ በገዛ እጃቸው፣ በክብር፣ ሊዘጉት ፈለጉ።

ዋንጫው ከምጽዋ የመጣ ነው። ይህ ለማያውቅ ሰው ተረት ይመስላል። በመንዝ ጀልባ የሚንሳፈፍበት ውኃ የለም፤ በክረምት የሚሞላው ወንዝም ሰው ይወስድ እንደሆነ እንጂ ሰው አይሸከምም። ነገር ግን በንጉሡ ዘመን ከዚህ ደጋ ወርደው በባሕር ኃይል የተቀጠሩ ጎረምሶች ነበሩ። አንድ አዛዥ ስድስቱን መርጦ በአንድ የውድድር ጀልባ ላይ አስቀመጣቸው፤ ድምፁ ከሩቅ የሚሰማውን ዓምደ ሚካኤልን ደግሞ መሪ አደረገው። ሌሎቹ መርከበኞች “የብርድ ልጆች” ይሏቸው ነበር። እነርሱም ፀሐይ ሳይከር ወደብ ወርደው መዳፋቸው እስኪላጥ ይቀዝፉ ጀመር።

የመጀመሪያው ውድድር ዓርብ ዋለ። አዛዡ ቁርስ እንዲበሉ አዘዘ። እነርሱ ግን በዓርብ ቀን ከዘጠኝ ሰዓት በፊት እህል አንቀምስም ብለው በባዶ ሆዳቸው ጀልባ ገቡ። የምጽዋ ፀሐይ የመንዝን ጾም አያውቅም። ግማሽ መንገድ ላይ አንደኛው ቀዛፊ መቅዘፊያው ላይ ተደፋ፤ ጀልባዋም ከሁሉም ኋላ ደረሰች። ከሩቅ አገር መርከቦች የመጡት ባሕርተኞች በፉጨት ተቀበሏቸው። በዓመቱ ውድድሩ ሐሙስ ሆነ፤ የብርድ ልጆች በልተው ገቡ፣ ቀድመውም ወጡ። የተሸለሙትን ዋንጫ በካህን አስባርከው የሚካኤል ጽዋ አደረጉት።

ባሕር ኃይሉ ከፈረሰ በኋላ ሁሉም ወደየአገራቸው ገቡ፤ ጽዋው ግን በየወሩ በዐሥራ ሁለት ከቤት ወደ ቤት መዞሩን አላቋረጠም። ሲሰበሰቡም አቀማመጣቸው እንደ ጀልባዋ ነበር፤ ስድስቱ አንዱ ከሌላው ጀርባ፣ መሪው ፊት ለፊታቸው። ቀዛፊ የሚሄድበትን አያይም። ትቶት የመጣውን ዳርቻ እያየ ወደ ኋላው ይገሰግሳል፤ የሚደረስበትን የሚያየው መሪው ብቻ ነው። አቶ ወሰኔ የመጀመሪያው ቀዛፊ ስለነበሩ፣ ከፊታቸው ከዓምደ ሚካኤል በቀር ማንም አልነበረም። ሲቀዝፉ ጓደኞቻቸውን በዓይናቸው አይተው አያውቁም፤ የሚያውቋቸው ከኋላቸው በሚሰማው ትንፋሽ ነበር። አሁን በስተርጅና ሌሊት ሲነቁ ጆሯቸው የሚፈልገው ያን ትንፋሽ ነው።

የዛሬው ተራ የሟቹ የአንዷለም ነበር። ሴት ልጁ ጽናት በሞላሌ ገበያ ሱቅ ያላት ጎልማሳ ናት፤ የአባቷን ተራ ልታወጣ ጠላ ጠምቃ፣ ድፎ ደፍታ ጠበቀች።

“ጋሼ ወሰኔ፣ ይግቡ። ዋንጫውን ልያዝልዎት?”

“ተይው፣ እኔው ይዤዋለሁ።”

ገብተው ዓይናቸውን ወደ ቤቱ መሐል ሲጥሉ ቆሙ። ስድስት በርጩማዎች አንዱ ከአንዱ ኋላ ተደርድረዋል፤ ሰባተኛው ፊቱን ወደ እነርሱ አዙሯል።

“ለሁለት ሰው ይህ ሁሉ በርጩማ ምን ይሠራል?”

“ጀልባዋ እንዳትጎድል ብዬ ነው።”

ወዲያው አቶ ዓምደ ሚካኤል በትራቸውን እያንኳኩ ገቡ። “አንተ ወሰኔ! ዛሬም ቀድመኸኛል?”

“አንተ ምን ቸገረህ! ያኔ እኛ ስንቀዝፍ ተቀምጠህ ትጮህ ነበር፤ ዛሬም ከራቤል ድረስ በመኪና ተጭነህ ትመጣለህ።”

“እኔ ባልጮህ እስካሁን የመን ገብታችሁ ነበር!”

ዋንጫውን ሊረከቡ የመጡት መምሬ መርስዔ ኃዘን ጸሎት አድርሰው ዳቦውን ባርከው ቆረሱ። አቶ ወሰኔ የመዝጊያውን ቃል ሊናገሩ ሲነሡ ጽናት ቀደመቻቸው።

“ጋሼ፣ ዋንጫው ሳይሄድ አንድ ነገር ልለምን። በአባቴ ቦታ ልግባ። የሌሎቹም ማኅበርተኞች ልጆች እንግባ ብለው ጠይቀውኛል፤ የእርስዎን ቃል ነው የሚጠብቁት።”

አቶ ወሰኔ ፊታቸውን አጠቆሩ። “ልጄ፣ በሌላ ማኅበር ልጅ አባቱን ይተካል፤ ወግ ነው። የዚህ ሕግ ግን ያልቀዘፈ በዚህ ረድፍ አይቀመጥም የሚል ነው። ሕግ ደግሞ ለወደዱት ሰው ሲባል አይታጠፍም። ታጥፎ ከሚቀጥል ሳይታጠፍ ቢያልቅ ይሻላል።”

ጽናት አቀረቀረች። አቶ ዓምደ ሚካኤል ግን ሳቁ፤ ሳቃቸው ሳል እስኪሆን ሳቁ።

“ምን ያስቅሃል?”

“አንዷለም መቼ ነበር ቀዛፊ? ያ በጾም የወደቀው ልጅ ሁለተኛ ጀልባ አልረግጥም ሲል፣ አንዷለምን ከመጋዘን ጎትቶ ያመጣው ማን ነው? ውኃ ሲያይ ዞሮበት ምሰሶ የሚይዘውን ልጅ? ‘ይህ መቅዘፊያ ይዞ አያውቅም’ ብዬ ስጮህብህ ምን አልኸኝ?”

አቶ ወሰኔ ዓይናቸውን ወደ ዋንጫው መለሱ።

“‘የአገሬ ልጅ ነው፣ ይማራል’ አልኸኝ። እርሱንም ‘ባሕሩን አትይ፤ ጀርባዬን እያየህ ሳብ’ አልኸው። አንተ ጀርባህን ሰጥተኸው ነበርና አላየኸውም። እኔ ግን ፊቱን አይ ነበር፤ ዓይኑን ከትከሻህ ሳይነቅል እያለቀሰ ሲስብ ዋለ። በሳምንቱ ቀዛፊ ሆነ። የሚሄዱበትን የማየው እኔ ነኝ፣ ወሰኔ፤ እስኪ ዛሬም ስማኝ።”

አቶ ወሰኔ ቀስ ብለው በፊተኛው በርጩማ ላይ ተቀመጡ። ያን ትንፋሽ አስታወሱት። መጀመሪያ የተቆራረጠ ነበር፤ እንደ ጭነት አህያ ያቃስት ነበር፤ ኋላ ግን ከራሳቸው ትንፋሽ ጋር ገጥሞ የትኛው የማን እንደሆነ መለየት አቃታቸው። ሕጉን ያወጡት ከዚያ በኋላ፣ ዋንጫውን ይዘው፣ ድል ባሰከራቸው ሰዓት ነበር። ያን ጊዜ አንዷለምም አብሯቸው አጨብጭቧል።

መምሬ መርስዔ ኃዘን ጉሮሯቸውን ጠረጉ። “እንግዲህ ዋንጫውን ልረከብ ወይስ ልነሣ? ሌላም ቤት ሚካኤል አለ።”

“ይቆየን፣ አባቴ” አሉ አቶ ወሰኔ። ከዚያም ፊታቸውን ሳያዞሩ፣ “ጽናት፣ ነይ ከኋላዬ ተቀመጪ” አሏት።

በርጩማው ሲንቋቋ ሰሙ። ቀጥሎም የለቅሶ ሳግ የተቀላቀለበት፣ የተቆራረጠ ትንፋሽ ከጀርባቸው መጣ። አቶ ወሰኔ ዓይናቸውን ጨፍነው ጥቂት ጊዜ አደመጡት። ጠላው የተቀዳበትን ዋንጫ ተቀብለው ቀመሱና በትከሻቸው ላይ አሳልፈው ወደ ኋላ ሰጡ።

“የታኅሣሥ ሚካኤል እኔ ቤት ነው። የእነዚያንም ልጆች ይዘሻቸው ነይ። ደግሞ ጾም ነው፤ ከዘጠኝ ሰዓት በፊት የሚቀመስ የለም።”

“አውቃለሁ ጋሼ። በእርሱ የተነሣ እንደተሸነፋችሁ አባቴ ነግሮኛል።”

“አልተሸነፍንም” አሉ አቶ ወሰኔ ቆጣ ብለው፤ “ዘግይተን ደረስን እንጂ።”